ማን ይሰለፍ? የአቶ ይድነቃቸው ተሰማ ሕይወት

አቶ ይድነቃቸው ተሰማ የተወለዱት በዕንቁጣጣሽ ዕለት ነው፤ መስከረም 1 ቀን 1914 ዓ.ም.፣ ጅማ። ያረፉት ደግሞ በቡሄ፣ ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም.። ስልሳ ስድስት ዓመት ሊሞላቸው አራት ሳምንት እንኳ አልቀረም ነበር። የዚህ የዓመት መጽሐፍ አዘጋጆች ስለ አንድ ያለፈ ታዋቂ ሰው ጻፊልን ሲሉኝ ከሐኪሞች አንዱን እመርጣለሁ ብለው ሳይጠብቁ አልቀሩም። መቼም ከሐኪም ስለ ሐኪም መስማት የተለመደ ነው። እኔ የኳስ ሰው መረጥኩ። ለምን እንደሆነ ወደ መጨረሻው ገደማ ይገባችኋል፤ በተለይ ከውጭ ለምትመጡት የባች ጓደኞቼ።

አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ ናቸው፤ በቅኔያቸውና በድምፃቸው የታወቁት፣ በሃያኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ጀርመን አገር ሄደው ድምፃቸውን በሸክላ ያስቀረጹት። ስለ አባትየው ብቻ ሌላ ጽሑፍ ይወጣዋል። ልጅየው ግን ከአባታቸው ቅኔውን ሳይሆን ሰው ፊት ቆሞ የመናገርን ድፍረት ወረሱ ብል የተጋነነ አይመስለኝም። ካይሮም፣ ካርቱምም፣ አውሮፓም በተሰበሰቡ የኳስ ሹማምንት ፊት ለሠላሳ ዓመት የተከራከሩ ሰው ናቸው።

ትምህርታቸውን የተማሩት አዲስ አበባ ተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ነው። በዚያን ጊዜ እግር ኳስ በከተማችን በአብዛኛው የውጭ ሰዎች ጨዋታ ነበር። አርመኖቹ፣ ግሪኮቹ፣ ጣሊያኖቹ የየራሳቸው ቡድን ነበራቸው፤ ሐበሻው ዳር ቆሞ ያያል፣ ኳስ ስትወጣ ይመልሳል። በ1928 ዓ.ም. አራዳ ላይ አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ ቅዱስ ጊዮርጊስ የሚባለውን ቡድን ሲመሠርቱ ነገሩ መለወጥ ጀመረ። ይድነቃቸው በዚያው ዓመት ቡድኑን ተቀላቀሉ። የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ነበሩ። ዛሬ በዚያ ዕድሜ ያለ ልጅ እኛ ጋ ሲመጣ የሕፃናት ክፍል ነው የምንልከው።

ቡድኑ ገና ከመቋቋሙ ጣሊያን ገባ። በወረራው ዘመን ፋሺስቶቹ ዘርን በሕግ ለዩ፤ ኢትዮጵያዊና ጣሊያናዊ ባንድ ሜዳ ላይ ተቀላቅለው እንዳይጫወቱ ተደረገ። ቅዱስ ጊዮርጊስም ስሙን ተነጥቆ ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር ተባለ። ስም መቀየር ቀላል ነገር ይመስላል፤ ግን አስቡት፣ በሰፈራችሁ ታቦት የጠራችሁት ቡድን የወራሪያችሁን ምልክት ስም ተሸክሞ ሲሰለፍ። ይድነቃቸው ከአሥራ አራት ዓመታቸው እስከ አሥራ ዘጠኝ ያለውን ጊዜ፣ ማለት ሰው ሰው የሚሆንበትን ዕድሜ፣ ያሳለፉት ማን ከማን ጋር መጫወት እንደሚችል የቆዳ ቀለም በሚወስንበት ሜዳ ነው። ከዚያ በኋላ የመጣውን ሕይወታቸውን ሳነብ ሁሉም እዚያ የተጀመረ ሆኖ ይታየኛል። በየሄዱበት የጠየቁት አንድ ነገር ነው፤ ማን ይሰለፍ? ደግሞስ ይህን የሚወስነው ማን ነው?

ነፃነት በ1933 ዓ.ም. ሲመለስ የቡድኑም ስም ተመለሰ። በ1936 ዓ.ም. የመጀመሪያው የሀገሪቱ ሻምፒዮና ተደረገ። ተሳታፊዎቹን መቁጠር ብቻ ያን ጊዜ አዲስ አበባ ምን ትመስል እንደነበር ይነግራል፤ ቅዱስ ጊዮርጊስ ለኢትዮጵያውያኑ፣ ፎርቲቱዶ ለጣሊያኖቹ፣ አራራት ለአርመኖቹ፣ ኦሎምፒያኮስ ለግሪኮቹ፣ አምስተኛው የእንግሊዝ ጦር ሚሲዮን ቡድን። ዋንጫውን የወሰዱት እንግሊዞቹ ናቸው። ጊዮርጊስ ለመጀመሪያ ጊዜ ሻምፒዮን የሆነው በ1942 ዓ.ም. ነው። ይድነቃቸው ለዚሁ ለአንድ ክለብ ከ1928 እስከ 1950 ዓ.ም. ተጫወቱ። 365 ጨዋታና 318 ጎል ይነገርላቸዋል። በ1940 ዓ.ም. ብሔራዊ ቡድኑ የፈረንሳይ ሶማሌላንድን፣ የዛሬዋን ጅቡቲን፣ 5 ለ 0 ባሸነፈበት የመጀመሪያው ዓለም አቀፍ ጨዋታም ነበሩበት።

እየተጫወቱ ነው እንግዲህ ቢሮም የገቡት። ዛሬ ተጫዋች፣ አሠልጣኝ፣ የፌዴሬሽን ኃላፊ፣ የኦሎምፒክ ኮሚቴ ሰው በአንድ ጊዜ ልሁን የሚል ቢመጣ የጥቅም ግጭት ብለን ኮሚቴ እናቋቁምበት ነበር። ያኔ ግን ሌላ ሰው አልነበረም። የእኛም ሙያ በዚያ ዘመን እንደዚያው ነበር፤ አንዱ ሐኪም ቀዶ ጥገናውንም፣ ወሊዱንም፣ የአስተዳደሩን ማኅተምም ይዞ ይዞር ነበር።

በየካቲት 1949 ዓ.ም. ካርቱም ላይ አራት ሀገሮች የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽንን፣ ካፍን፣ መሠረቱ፤ ግብፅ፣ ሱዳን፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ። ኢትዮጵያን ወክለው ከነበሩት አንዱ አቶ ይድነቃቸው ናቸው። የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫም እዚያው ሊደረግ ሆነ። ደቡብ አፍሪካ ግን አንድም ነጮች ብቻ ያሉበት፣ አንድም ጥቁሮች ብቻ ያሉበት ቡድን እልካለሁ፣ ቀላቅዬ አልክም አለች። የቀሩት ሦስቱ እምቢ አሉ፤ ደቡብ አፍሪካም ከውድድሩ ወጣች፣ ቆይቶም ከኮንፌዴሬሽኑ ተባረረች። ልብ በሉ፣ በዚያን ጊዜ ካፍ ገንዘብ የለው፣ ቢሮ የለው፣ አባሉ አራት ብቻ። ከአራት አንዱን ማባረር ማለት ሩቡን ቆርጦ መጣል ነው። ዓለም ደቡብ አፍሪካን ከስፖርት ለማግለል ገና ዓመታት ሲቀሩት እነዚህ ሦስት ድሃ ፌዴሬሽኖች በመጀመሪያ ስብሰባቸው ወሰኑት።

ውሳኔው ለኢትዮጵያ የሰጣት ግን መራራ ስጦታ ነበር። ተጋጣሚዋ ስለቀረ በቀጥታ ለፍጻሜ አለፈች፤ ፍጻሜውን በግብፅ 4 ለ 0 ተሸነፈች። አራቱንም ጎል ያገባው አንድ ሰው ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1951 ዓ.ም. ካይሮ ላይ፣ እንደገና በግብፅ 4 ለ 0፣ ከዚያ በሱዳን 1 ለ 0። በሁለት ውድድር ሦስት ጨዋታ፣ ዘጠኝ ጎል ገብቶብን አንድም አላገባንም።

አሁን ወደ 1954 ዓ.ም. እንምጣ፤ እኔ የምወደው ክፍል እዚህ ነው። ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ አዲስ አበባ ላይ ሆነ። አሠልጣኙ አቶ ይድነቃቸው። ውድድሩ ትንሽ ነበር፤ አራት ቡድን ብቻ፣ ኢትዮጵያ፣ በዚያን ጊዜ የተባበረው ዐረብ ሪፐብሊክ ትባል የነበረችው ግብፅ፣ ቱኒዚያና ዩጋንዳ። ዋንጫ ለመውሰድ ሁለት ጨዋታ ማሸነፍ ይበቃል። የአንድ ትንሽ ኮሌጅ ቡድን የውድድር ዓመት እንኳ ከዚህ ይረዝማል። ስለዚህ አንዳንድ ሰው ያን ድል ሲያናንቅ እሰማለሁ፤ በሁለት ጨዋታ የተገኘ ዋንጫ ይላሉ። እስኪ ሁለቱን ጨዋታዎች እንያቸው።

ጥር 6 ቀን ከቱኒዚያ ጋር ነበር፤ 4 ለ 2 አለቀ። በሁለት ውድድር አንድ ጎል ያላየ ቡድን በአንድ ከሰዓት አራት አገባ። የፍጻሜው ቀን ጥር 13፣ እሁድ። ጥምቀት አርብ ነበር፣ ቃና ዘገሊላ ቅዳሜ። ከተማው ከታቦት ሽኝት ሳይመለስ፣ ነጠላው ሳይታጠፍ፣ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስታዲየም ተሰበሰበ። ተጋጣሚው ያው ግብፅ፣ የሁለቱም ቀዳሚ ዋንጫዎች ባለቤት። በ35ኛው ደቂቃ ባዳዊ ለግብፅ አገባ። እረፍት ወጡ፣ ተመለሱ፣ ሰዓቱ እየሄደ ነው። በ74ኛው ደቂቃ ግርማ ተክሌ አቻ አደረገ። ስታዲየሙ ጩኸቱን ሳይጨርስ፣ በሚቀጥለው ደቂቃ፣ ባዳዊ እንደገና። 2 ለ 1። ሁለት ጊዜ 4 ለ 0 የተሸነፈ ቡድን በዚህች ቅጽበት ምን እንደሚያደርግ ሁላችንም እናውቃለን፤ ይሰበራል። አልተሰበሩም። በ84ኛው ደቂቃ አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ አገባ። መደበኛው ሰዓት 2 ለ 2 አለቀ። በተጨማሪው ሰዓት በ101ኛው ደቂቃ የሉቺያኖ ወንድም ኢታሎ፣ በ117ኛው መንግሥቱ ወርቁ። 4 ለ 2።

የሐኪም ነገር፣ አንድ ነገር ሳልል አላልፍም። ተጨማሪው ሠላሳ ደቂቃ የተጫወተው ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ ነው። በዚህ ከፍታ አንድ ሰው በሚስበው አየር ውስጥ የሚያገኘው ኦክስጅን በባሕር ጠረፍ ከሚያገኘው በሩብ ገደማ ያንሳል። ካይሮ የዓባይ ዝቅታ ላይ ናት። ሰውነት ለከፍታ ቀይ የደም ሕዋሳትን ለመጨመር ሳምንታት ይፈልጋል፤ ለጨዋታ ጥቂት ቀን ቀድሞ የመጣ እግር በ100ኛው ደቂቃ መክበዱ አይቀርም። እንግዲህ ከፍታው ነው ያሸነፈው ልንል ነው? አይደለም። ኢትዮጵያ ዋንጫውን በ1960 ዓ.ም. እንደገና አዘጋጀች፤ በግማሽ ፍጻሜ በኮንጎ ኪንሻሳ ተሸንፋ አራተኛ ሆነች። በ1968 ዓ.ም. ለሦስተኛ ጊዜ አዘጋጀች፤ ከምድቧም አላለፈች። ከፍታው ያው ከፍታ ነው፣ አየሩም ያው አየር ነው። የቀረው ያ ቡድን ነው።

የቡድኑን ስም ዝርዝር አንድ ጊዜ እዩት። አምበሉ ሉቺያኖ አሥመራ ተወልዶ ያደገ፣ አባቱ ጣሊያናዊ እናቱ ኤርትራዊት የሆነ ልጅ ነው። ፋሺስቱ ሕግ እንደሱ ያሉትን ልጆች አባታቸው በስሙ እንዳይጠራቸው ከልክሎ ነበር። በአንድ በኩል ሕጉ ገፋው፣ በሌላ በኩል ደግሞ እዚህ፣ ጦርነቱ ገና ሃያ ዓመቱ በሆነበት ከተማ፣ የጣሊያን ስም ይዞ ብሔራዊ ማልያ መልበስ ቀላል አልነበረም። ከጎኑ የጊዮርጊሱ መንግሥቱ ወርቁ፣ ገና የሃያ አንድና የሃያ ሁለት ዓመት ወጣት። አሠልጣኛቸው ደግሞ በልጅነቱ ከጣሊያን ልጅ ጋር አንድ ሜዳ እንዳይረግጥ የተከለከለ ሰው። ያ ሰው ባሠለጠነው ቡድን ውስጥ የጣሊያናዊ ልጅ አምበል ሆኖ ዋንጫውን ከንጉሠ ነገሥቱ እጅ ተቀበለ። ይድነቃቸው በሕይወታቸው ብዙ ንግግር አድርገዋል፤ ለእኔ ከሁሉም የሚበልጠው ግን የዚያን ቀን የአሰላለፍ ወረቀት ነው።

የኮልፌ ሰው ስለሆንኩ ይህችን ሳልጨምር ብቀር ጎረቤቶቼ ይቀየሙኛል። በዚያው በ1954 ዓ.ም.፣ ዋንጫው ከተወሰደ ከጥቂት ወራት በኋላ፣ በክረምቱ መግቢያ ላይ፣ አንድ ደቡብ አፍሪካዊ ጠበቃ እዚሁ እኛ ሰፈር፣ ኮልፌ በሚገኘው የፈጥኖ ደራሽ ፖሊስ ካምፕ የጦር ትምህርት ይማር ነበር። ኔልሰን ማንዴላ ነው። በአንድ የኢትዮጵያ ዓመት ውስጥ፣ በአንድ ከተማ፣ አንዱ አፓርታይድን በኳስ ሜዳ ሲዋጋ ሌላው በጠመንጃ ሊዋጋው ይለማመድ ነበር። ሁለቱ ተገናኝተዋል አልልም። ግን ከአጠና ተራ ወደ ታች ስወርድ ይህን አስባለሁ፤ ታክሲ ውስጥ ሌላ ምን ይሠራል።

ከዚያ በኋላ የይድነቃቸው ሜዳ የስብሰባ አዳራሽ ሆነ። ለ1958ቱ፣ እንግሊዝ ላዘጋጀችው የዓለም ዋንጫ፣ ፊፋ ለአፍሪካ፣ ለእስያና ለኦሺኒያ ሦስቱም ተጋፍተው የሚያገኟት አንዲት ቦታ መደበ። አፍሪካ ብቻዋን አንድ ቦታ እንኳ የላትም ማለት ነው። የጋናው ኦሄኔ ጃንና ይድነቃቸው ግንባር ቀደም ሆነው የአፍሪካ ቡድኖች በሙሉ ከማጣሪያው ወጡ። ፊፋ ቀጣቸው፤ አልተመለሱም። እስቲ አስቡት፣ ያ ትውልድ፣ መንግሥቱንና ሉቺያኖን የመሰለ ትውልድ፣ የዓለም ዋንጫ የመሞከር ዕድሉን በራሱ መሪዎች ውሳኔ አጣ። ይህ ዋጋ ነው፤ የከፈሉትም ተጫዋቾቹ እንጂ ሰብሳቢዎቹ አይደሉም። ውጤቱ ግን መጣ። ከሚቀጥለው የዓለም ዋንጫ፣ ከ1962ቱ፣ ጀምሮ አፍሪካ የራሷ ቦታ አገኘች፤ ሞሮኮ ሄደች። በ1974 ዓ.ም. ቦታው ሁለት ሆነ፤ አልጄሪያ ምዕራብ ጀርመንን 2 ለ 1 ረታች፣ ካሜሩን አንድም ጨዋታ ሳትሸነፍ ተመለሰች።

በ1963 ዓ.ም. የዓለም አቀፉ ኦሊምፒክ ኮሚቴ አባል፣ በ1964 ዓ.ም. የካፍ ፕሬዚዳንት ሆኑ። እስከ ዕለተ ሞታቸው፣ አሥራ አምስት ዓመት፣ በዚያ ወንበር ቆዩ። ሀገር ቤት ንጉሡ ወረዱ፣ ደርግ መጣ፣ ስንቱ ባለ ሥልጣን አለቀ፤ እሳቸው ሥራቸው ላይ ነበሩ። በ1966 ዓ.ም. ብራዚላዊው አቬላንጅ እንግሊዛዊውን ሰር ስታንሊ ራውስን አሸንፎ የፊፋን ፕሬዚዳንትነት ሲይዝ የአፍሪካ ድምፅ ሚዛኑን ደፍቷል። ከሁለት ዓመት በኋላ ሞንትሪያል ላይ ደቡብ አፍሪካ ከፊፋ ተባረረች። በስብሰባ ሁሉ አፍሪካ አንድ ናት፤ ፈረንሳይኛ ተናጋሪ፣ እንግሊዝኛ ተናጋሪ፣ ዐረብኛ ተናጋሪ ተብላ አትከፈልም እያሉ ይሞግቱ ነበር። አሥራ አምስት ዓመት ለአንድ ወንበር ይረዝማል ብዬ አምናለሁ፤ የኋላ ተተኪያቸው ሃያ ዘጠኝ ዓመት መቀመጡን ሳይ ግን ይህን ጮክ ብዬ አልናገርም።

እንደ ሐኪም የማከብርላቸው ሌላም ነገር አለ። ካፍ በችግር በሚኖርበት ጊዜ የትምባሆና የአልኮል ማስታወቂያ ወደ አፍሪካ ውድድር እንዳይገባ ተቃወሙ። የእኛ ሀገር ሕግ የአልኮል ማስታወቂያን ከሬዲዮና ከቴሌቪዥን ያስወጣው በ2011 ዓ.ም. ነው። አሁን ደግሞ የቁማር ቤቶች ገንዘብ ኳሳችን ውስጥ ገብቷል። እኔ የምሠራው ኮልፌ ቀራንዮ ውስጥ ባለ የመንግሥት ሕክምና ተቋም ነው፤ እንቅልፍ እምቢ አለኝ፣ ልቤ ይመታል ብሎ የሚመጣ ወጣት ሲያጋጥመኝ ስለ ቡና ከመጠየቄ በፊት ውርርድ ትጫወታለህ ወይ ብዬ መጠየቅ ለምጃለሁ።

ወደ ዋናው ነገሬ ደረስኩ። ከ1950ዎቹ ማብቂያ ጀምሮ የአፍሪካ ዋንጫ አንድ ደንብ ነበረው፤ አንድ ብሔራዊ ቡድን ከሀገሩ ውጭ ከሚጫወቱ ልጆቹ ሁለት ብቻ ማሰለፍ ይችላል። ደንቡ እስከ 1974 ዓ.ም. ቆየ፤ አብዛኛው ዘመኑ በአቶ ይድነቃቸው ፕሬዚዳንትነት ነው። ሐሳቡ ግልጽ ነው። አውሮፓ የአፍሪካን ጥሬ ዕቃ እንደወሰደች እግሮቿንም እየወሰደች ነው፤ ልጁን በባዶ እግሩ ያሳደገው ሰፈር፣ ኳስ የገዛለት አስተማሪ፣ ያሠለጠነው ክለብ ምንም ሳያገኙ ይቀራሉ፤ ሀገር ውስጥ የሚጫወተው ደግሞ ዋንጫ ሲደርስ ከአውሮፓ በአውሮፕላን በመጣ ሰው ቦታውን ይነጠቃል። ይድነቃቸው ስለዚህ መፍሰስ ሳይሰለቹ ተናገሩ።

ይህን ሳነብ የኳስ ነገር መሆኑን እረሳዋለሁ። የባቻችን የቴሌግራም ቡድን ውስጥ አንድ ሰው ስንት ሰዓት ነው ቢል አምስት ዓይነት መልስ ይመጣለታል። ሚኒሶታ ማለዳ ነው፣ ለንደን ቀትር፣ ዊንድሁክ፣ ሪያድ፣ እዚህ። አብረን አናቶሚ ያጠናን፣ በኢንተርንነት አንድ አልጋ ላይ በየተራ የተኛን ሰዎች ነን። እኔ ቀረሁ። የቀረሁት በጀግንነት አይደለም፤ እናቴ ነበረች፣ ልጆች መጡ፣ ሰፈሩንም ወደድኩት። ግን አንድ የማደንዘዣ ባለሙያ ሲሄድ የቀዶ ሕክምና ወረፋው በስንት ወር እንደሚራዘም፣ ቀጠሮ የተራዘመባት እናት ፊት ቆሞ መናገር ምን እንደሚመስል የማውቀው እኔ ነኝ። ስለዚህ የአቶ ይድነቃቸው ሒሳብ ይገባኛል። ያሳደገው ሰፈር ምን አገኘ ማለታቸው ትክክል ነበር፤ ዛሬም ትክክል ነው፤ የእኛ ማኅበርም ይህን ጥያቄ በእራት ግብዣ መካከል ሳይሆን በአጀንዳ ይዞ መነጋገር አለበት።

መድኃኒቱ ላይ ግን አልስማማም። ሁለት ብቻ የሚለው ደንብ አውሮፓን አልነካም፤ ልጆቹን የወሰዱት ክለቦች አንድ ሳንቲም አልከፈሉበትም፣ የተቀጣው ልጁ ነው። ከሀገሩ ውጭ ስለሠራ ብቻ የራሱን ማልያ ተከለከለ። ማን ይሰለፍ የሚለውን ጥያቄ ዕድሜ ልካቸውን በዘር ለሚለዩት የመለሱ ሰው፣ በመጨረሻ እሳቸው ራሳቸው በር ላይ ቆመው የሚቆጥሩ ሆኑ። ይህን የምለው ላሳንሳቸው አይደለም። ያዘኑት ለእውነተኛ ጉዳት ነው፤ በሽታውን በትክክል አይቶ መድኃኒት የሳተ ሐኪም ስንት አለ።

ለዘንድሮው የመገናኛ በዓል የእግር ኳስ ግጥሚያ ስብሰባ ላይ አንዱ ጓደኛችን ሀገር ቤት ያለው ለብቻ፣ ከውጭ የመጣው ለብቻ ቡድን ይሥራ ብሎ ነበር። ሌላው በሳቅ በየቡድኑ ከውጭ የመጣ ከሁለት አይበልጥ አለ፤ የይድነቃቸውን ደንብ ሳያውቅ ደገመው። ሁለቱም ሐሳብ ወደቀ። በተመረቅንበት ዓመት ሙሉና ጎዶሎ ቁጥር ተከፍለን ተቀላቅለን እንጫወታለን። እኔ ፋሻና በረዶ ይዤ ዳር ነኝ፤ ከውጭ ለምትመጡት ግን ከፍታውን አትርሱ፣ ከመጫወታችሁ በፊት ጥቂት ቀን እረፉ፣ የደም ግፊት መድኃኒታችሁንም አትዝለሉ።

አቶ ይድነቃቸው በመጨረሻዎቹ ዓመታት ታመሙ። ሕመሙ ከጠናባቸውም በኋላ ከሥራቸው አልራቁም። ያረፉበት የቡሄ ዕለት ልጆች ጅራፍ እያጮኹ በየደጁ የሚጨፍሩበት ነው። በሕይወት ሳሉ ኢትዮጵያ ለመጨረሻ ጊዜ በአፍሪካ ዋንጫ የተሰለፈችው በ1974 ዓ.ም. ሊቢያ ላይ ነበር። ከዚያ ሠላሳ አንድ ዓመት ቀረች።

የተመለሰችው በ2005 ዓ.ም. ነው። ውድድሩ ደቡብ አፍሪካ ነበር፤ በ1949 ካርቱም ላይ ተቀላቅዬ አልጫወትም ያለችው ሀገር። በቡድናችን ውስጥ ከጊዮርጊስና ከሌሎች የሀገር ቤት ክለቦች የመጡ ነበሩ፣ ግብፅ የሚጫወተው ሳላዲን ሰይድ ነበረ፣ ከአሜሪካና ከስዊድን የተጠሩ የኢትዮጵያውያን ልጆችም ነበሩ። የመጀመሪያው ጨዋታ ኔልስፕሩት ከተማ፣ ከዋንጫው ባለቤት ከዛምቢያ ጋር። ፍጹም ቅጣት ምት ስተን፣ በረኛችን በቀይ ካርድ ወጥቶብን፣ ጎል ገብቶብን፣ በአሥር ሰው አዳነ ግርማ በሁለተኛው አጋማሽ አገባ፤ 1 ለ 1። ቀኑ ጥር 13 ነበር፤ ሉቺያኖ ዋንጫውን ከተቀበለ ልክ ሃምሳ አንድ ዓመት።